የምክር ዓምድ፦ ሳይክሉ ሲቆም ካሜራውን ክፈቺ

«ጤና ይስጥልኝ ጋሼ። 26 ዓመቴ ነው። ተወልጄ ያደግኩት አራት ኪሎ ነው፣ አሁንም ከእናቴ ጋር እዚያው እኖራለሁ። ሥራዬ ሰርግ መቅረጽና ኤዲት ማድረግ ብቻ ነው። ሳይክል የለመድኩት ኮሪደሩ ተሠርቶ የሳይክል መንገድ ሲመጣ ነው። መጀመሪያ ከአራት ኪሎ መስቀል አደባባይ፣ ከዚያ ቦሌ፣ አሁን ቅዳሜ ቅዳሜ ቢሾፍቱ ደርሼ ሳይክሌን መኪና ላይ ጭኜ እመለሳለሁ። ዘንድሮ ጥቅምት ላይ እስከ አርባ ምንጭ በሳይክል ሄጄ ዘጋቢ ፊልም ልሠራ አስቤያለሁ። ግን ድሮን የለኝም፣ ካሜራዬም አሮጌ ነው። አብሮኝ የሚሠራው ልጅ በቪትዙ ከኋላ እየተከተለ ሊቀርጸኝ ይፈልጋል። እኔ ደግሞ በመኪና ታጅቤ ሄጄ ‹በሳይክል ሄድኩ› ማለት ያሳፍረኛል። አንድ ድርጅት ስሙን ቲሸርቴ ላይ ካደረግሁለት ትንሽ ብር ሊሰጠኝ ነው። ከሁሉ የባሰው ግን የእናቴ ነገር ነው። ‹አርባ ምንጭ በአውቶብስ አይደረስም ወይ? ምን ጎደለሽ?› ትለኛለች ጠዋት ማታ። እውነቴን ነው የምልዎት፣ መልስ የለኝም። ለመሆኑ ሰው በሳይክል ሲሄድ ማየት የሚፈልግ አለ? ልተወው ወይስ ልሂድ? ምን ይሉኛል?
ሳይክለኛዋ፣ ከአራት ኪሎ»

ሳይክለኛዋ፣ ደብዳቤሽን ሁለቴ አነበብኩት። ድሮኑን፣ ቪትዙን፣ ቲሸርቱን አልፌ ስጨርስ ጆሮዬ ላይ የቀረው የእናትሽ ጥያቄ ነው። «በአውቶብስ አይደረስም ወይ?» እኔም አንድ ጊዜ ይህንኑ ተጠይቄያለሁ። የጠየቀኝ ጎሚስታ ነበር። መጀመሪያ የሱን ልንገርሽ፤ የምመክርሽ ሁሉ ከዚያ ሰውዬ ጎማ ቤት የመጣ ነው።

ጊዜው 2001 ዓ.ም. ነው። ሦስት ጓደኛሞች ከፒያሳ ተነስተን አዋሳ በሳይክል ልንሄድ ተነሳን። ፊልም እንሠራለን ብለን ካሜራ ተዋስን። ያኔ ሚኒ ዲቪ የሚባል ካሴት ነበር፣ አንዱ 60 ደቂቃ ይይዛል። 14 ካሴት ገዛን። ለኛ ኪስ ቀልድ አልነበረም። ካሜራውን በጎማ ቁራጭ መሪው ላይ ጠፍረን መንገድ መቅረጽ ጀመርን። እየሄድን እንቀርጻለን። ሻይ ልንጠጣ ስንቆም እናጠፋለን። ለምን? ካሴት እንዳያልቅብን! ጉዞው ሲቀጥል መልሰን እንከፍታለን።

መቂ ልንገባ ስንል የኋላ ጎማዬ ተነፈሰ። እየገፋሁ ከተማው ውስጥ ገባሁ። መንገድ ዳር አንድ ጎሚስታ አገኘን፣ አምሳ ዓመት የሚሆነው ሰው። ፊቱ ለሁለት የተሰነጠቀ በርሜል አለ፣ ውስጡ ጥቁር ውሃ። የውስጥ ጎማዬን ነፋና ውሃው ውስጥ ደፈቀው። ቀስ እያለ አዞረው። አረፋ የለም። አወጣና ጆሮው ሥር አደረገው። ዓይኑን ጨፈነ። «እዚህ ጋ ናት» አለ። ምራቁን ቀባ ሲያደርግበት የመርፌ ጫፍ የምታክል አረፋ ብቅ አለች። በብርጭቆ ወረቀት ፈተገው፣ ማስቲሽ ቀባ፣ እፍ እፍ አለበት፣ ከአሮጌ ጎማ የተቆረጠች ክብ ልጣፊ ጫነባት። ከዚያ ቀና አለ።

«ወዴት ናችሁ?»

«አዋሳ።»

«በመኪና አይደረስም?»

ሳቅን። ሰውዬው ግን ቀልድ አላማረውም። እጁን በጨርቅ እየጠረገ፣ «እኔ የለጠፍኩት ጎማ ስንቴ አዋሳ ደርሶ መጥቷል። እኔ ግን አላየኋትም» አለን። ብዙ ዓመት እዚያችው ቦታ ላይ ሠርቷል። አዋሳ ከዚያ 140 ኪሎ ሜትር ግድም ብትሆን ነው። ሐይቁ ከዝዋይ ይበልጣል ወይ ብሎ ጠየቀን። እኛም አናውቅም። ስትመለሱ ንገሩኝ አለ።

ካሜራውስ? ጠፍቷል። መሪው ላይ እንደታሰረ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ቆሟል።

ስንመለስ ሳይክሎቹን አይሱዙ ላይ ጭነን በሌሊት አለፍን፣ ሰውዬውን አላገኘነውም። ካሴቶቹን አንድ እሑድ ሰው ሰብስበን አሳየን። አንዱ እንቅልፍ ወሰደው። ሌላዋ ሻይ ላፍላ ብላ ተነስታ በዚያው ቀረች። 14 ሰዓት ሙሉ አስፋልት! አስፋልት ደግሞ ከመገናኛ ሃያ ሁለትም ሞልቷል። በኋላ የጎሚስታውን ነገር በአፌ ስነግራቸው ነው ሁሉም ዝም ብለው የሰሙኝ። «እሱ የታለ ታዲያ? አሳየና!» አሉኝ። ምን ላሳያቸው?

ስለዚህ «ማን ያያል?» ላልሽው፣ ሳይክል ሲሄድ ማንም አያይም። ሳይክል የሚያደርስሽን ቦታና የሚያቆምሽን ሰው ግን ያያል። አውቶብስ መቂ ላይ ቢቆም ለሽንት ነው። አንቺ ስትቆሚ ጎማሽ ተንፍሶ፣ ውሃሽ አልቆ፣ ፊትሽ አቧራ ጠጥቶ ነው። ሰው ያዝንልሻል፣ ይስቅብሻል፣ ወንበር ያወጣልሻል። ካሜራ ይዞ ከላንድ ክሩዘር የሚወርድ ጋዜጠኛ ይህን በገንዘብ አያገኘውም።

አሁን መንገድሽን እንየው። በሻሸመኔና በሶዶ በኩል 500 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ተነስተሽ 1,300 ሜትር አካባቢ ትጨርሻለሽ። ሲሰሙት ደስ ይላል፣ ብዙ ቁልቁለት አለው። ለፊልም ግን ቁልቁለት ጠላት ነው። በሰዓት 40 ኪሎ ሜትር ስትወርጂ ማን ያናግርሻል? ማይክሽም ከነፋስ በቀር ምንም አይሰማም። ዳገት ላይ በሰዓት 7 ስትሆኚ ከትምህርት ቤት የሚመለሱ ልጆች ደብተራቸውን ይዘው ከጎንሽ ይራመዳሉ። «ደከመሽ?» ይሉሻል። ከሃላባ ቁሊቶ እስከ ሶዶ የሚያወጣሽን መንገድ አትጥይው። ለሱ ሁለት ቀን መድቢ። ከአዲስ አበባ እስከ ሞጆ ያለውን ግን በአንድ ቀን ጨርሺው፣ ቀረጻም አታብዢበት። ፈጣን መንገዱ ሳይክል ስለማያስገባ በአሮጌው በቢሾፍቱ በኩል ነው የምትሄጂው፣ እዚያ ላይ ዓይንሽ ሲኖትራኩ ላይ ቢሆን ይሻላል።

የሳይክል ጉዞ ፊልም ሲባል ሰው የሚያውቀው የፈረንጆቹን ነው። ከ2003 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ቱር ዳፍሪክ የሚባለው ጉዞ ከካይሮ ኬፕ ታውን 12,000 ኪሎ ሜትር ያህል ሲሄድ ለዓመታት በኛ አገር አልፏል። በግሉ የሚያልፈውም ብዙ ነው። አብዛኛው ቀርጾ የሚሄደው አንድ ዓይነት ነገር ነው። ተራራ፣ ቡና፣ ከዚያ «ዩ! ዩ!» እያሉ የሚሮጡ ልጆች፣ «ሃይላንድ!» ብለው ባዶ የውሃ ፕላስቲክ የሚለምኑ፣ አልፎ አልፎም ድንጋይ የሚወረውሩ። ፈረንጁ ደንግጦ ያልፋል፣ ፊልሙም እዚያው ያበቃል። ልጁ ድንጋዩን ለምን እንዳነሳ አንድም ቀን አልሰማንም። አንቺ ግን መቆም ትችያለሽ። «ና እስቲ፣ ለምንድን ነው የምትወረውረው?» ማለት ትችያለሽ። ምን እንደሚልሽ አላውቅም። ለማወቅ ግን ከምንም በላይ ጓጉቻለሁ። (ወላጁን ሳታስፈቅጂ ፊቱን አታውጪ እንጂ።)

ሳይክል የፈረንጅ ነገር ነው የሚልሽ ካለ ደግሞ ይህን ንገሪው። ኢትዮጵያ ለመጀመሪያ ጊዜ ኦሎምፒክ የሄደችው በ1949 ዓ.ም. ሜልቦርን ነው። ከሯጮቹ ጋር እነ ገረመው ደንቦባ በሳይክል ተወዳድረዋል። አበበ ቢቂላ በሮም ከማሸነፉ አራት ዓመት ገደማ ቀድሞ ማለት ነው። የመቀሌው ጽጋቡ ግርማይ ደግሞ በ2008 ዓ.ም. ቱር ደ ፍራንስ ላይ የተሰለፈ የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊ ሆኗል። ሻሸመኔ ላይ ከመንገድሽ ወጣ ብለሽ አዋሳ ጎራ ካልሽም እይ፣ እዚያ ሳይክል የቅዳሜ ስፖርት አይደለም። ሰው ሥራ ይሄድበታል፣ ዕቃ ይጭንበታል። በየቀኑ እየጋለበ ገበያ የሚመላለስ አንድ ሰው አግኝተሽ «ረጅም መንገድ ላንተ ስንት ነው?» ብትይው ያንቺ 500 ኪሎ ሜትር ትንሽ ዝቅ ትላለች። ዝቅ ትበልለት።

ወደ ዕቃው ልምጣ። ድሮን የሌለሽ ተመስገን በይ። ያለ ፈቃድ ማብረሩ ያስጠይቃል፣ የፈቃዱ ደጅ ጥናት ደግሞ ራሱን የቻለ ፊልም ነው። ከላይ የታየ ሳይክለኛ ጉንዳን ነው የሚመስለው። አሮጌው ካሜራሽ ይበቃል። የምጨቃጨቅሽ በማይኩ ላይ ነው። ካለሽ ብር ላይ ቅድሚያ የሚሰጠው ማይክ ይሁን፣ ጸጉራም የነፋስ መከላከያ ያለው። ሰው የደበዘዘ ምስል ችሎ ያያል፣ የማይሰማ ድምፅ ግን አይታገስም። በቆምሽበት ቦታ ሁሉ ማንም ሳይናገር አንድ ደቂቃ የቦታውን ድምፅ ቅጂ። የወፍጮ ቤት ድምፅ፣ የሌሊት ጅብ፣ ጎህ ሲቀድ መስጊዱና ቤተ ክርስቲያኑ ሲቀባበሉ፣ ኮብልስቶን ላይ ጎማሽ ሲንገጫገጭ። ኤዲት ላይ ስትቀመጪ ወርቅ የሚሆንልሽ እሱ ነው። ማታ ማታ ደግሞ አልጋሽ ላይ ሆነሽ ብርድ ልብስ ተከናንበሽ ለስልክሽ አውሪ፣ አምስት ደቂቃ። ብርድ ልብሱ ማሚቶውን ይውጥልሻል። ከሳምንት በኋላ «እዚያ ጋ ምን ተሰምቶኝ ነበር?» ብለሽ የምትፈጥሪው ትረካ ውሸት ውሸት ይላል።

ምስልሽን በ4ኬ፣ በሰከንድ 100 ሜጋ ቢት ከቀረጽሽ አንዱ ሰዓት 45 ጊጋ ባይት ይበላል። በቀን አንድ ሰዓት ብቻ ብትቀርጪ በአሥር ቀን 450 ነው። ለዚህ ነው በቀን ከአንድ ሰዓት አትለፊ የምልሽ። ሚሞሪው ብቻ ሳይሆን ኤዲተሯም አንቺው ስለሆንሽ። ሁለት ሃርድ ዲስክ ያዢ፣ ሁለቱም አንድ ዓይነት፣ አንድ ቦርሳ ውስጥ ግን በፍጹም እንዳይገቡ።

ደግሞ ስታልፊ የሚያሳይ ምስል ዋጋውን ከወዲሁ እወቂው። ብቻሽን ከሆንሽ ካሜራውን ዳገቱ አናት ላይ ትተክያለሽ፣ ትወርጃለሽ፣ መልሰሽ ትወጫለሽ። ለ10 ሰከንድ ምስል አንዱን ዳገት ሁለቴ ወጣሽ ማለት ነው። በዚያ ላይ ካሜራውን ትተሽ ስትወርጂ ልብሽም አብሮ አይወርድም። በቀን ሁለት ይበቃሻል። ጠዋት ከ12 እስከ 2 ሰዓት ተኩል፣ ማታ ከ10 እስከ 12። እኩለ ቀን ላይ ፀሐይዋ አናት ላይ ስለምትሆን የሰው ዓይን ጥቁር ጉድጓድ ይሆናል። ያን ሰዓት ሽሮሽን ብይና ጥላ ሥር ሰው አናግሪ።

የቪትዙ ነገር። ልጁም ልክ ነው፣ አንቺም ልክ ነሽ። እናትሽ መኪና እንዳለ ብታውቅ እንቅልፍ ይወስዳታል፣ እሱ ትንሽ ነገር አይደለም። ግን መኪናው ከኋላሽ ከተጎተተ ፊልሙን ይገድለዋል። ከመኪና ውስጥ ጀርባሽን የሚቀርጽ ምስል ከሞጆ እስከ አርባ ምንጭ አንድ ዓይነት ነው። በዋናው መንገድ ላይ ደግሞ አደገኛ ነው፣ አልቃይዳ የምንለው አይሱዙ ሲቀድም አይቶ የሚያውቅ ሰው ይገባዋል። ደግሞም መኪና አጅቦሽ ሲያይ ሰው «ባለሥልጣን መጣ» ይልና ወንበሩን ሳያወጣ ልብሱን ያስተካክላል። እኔ ብሆን ልጁን ጠዋት አስቀድሜ ወደሚቀጥለው ከተማ እልከዋለሁ። እዚያ ገበያውን፣ ጎሚስታውን፣ ዓሣ ገበያውን ይቅረጽ፣ ማታ ተገናኙ። አንዱን ሃርድ ዲስክ እሱ ይያዘው። ከኋላሽ የሚቀርጽሽ አንድ ጠዋት ብቻ ይሁን፣ መኪና በማይበዛበት መንገድ። «ይሄ የኔ ፊልም ነው ወይስ ያንተ?» የሚለውን ደግሞ አሁኑኑ፣ አራት ኪሎ ቁጭ ብላችሁ ቡና እየጠጣችሁ ጨርሱት። ሻሸመኔ ላይ ደክሟችሁ ብታነሱት ትጣላላችሁ። እኛ ተጣልተናል።

ለቲሸርቱ አንድ የቆየ ታሪክ አለኝ። በ1894 እ.ኤ.አ. አኒ ኮሄን ኮፕቾቭስኪ የምትባል የቦስተን ሴት፣ የሦስት ልጆች እናት፣ ዓለምን በሳይክል ልዞር ነው ብላ ወጣች። አንድ ውሃ ሻጭ ኩባንያ 100 ዶላር ሰጣት። በለውጡ ቲሸርት ብቻ አይደለም፣ የኩባንያውን ስም የአባት ስም አድርጋ ተቀበለች፣ አኒ ለንደንደሪ ተባለች። በልብሷና በሳይክሏ ላይ ማስታወቂያ እየለጠፈች ዞረች። በሚቀጥለው ዓመት ስትመለስ ግን ብዙውን መንገድ በመርከብ እንደሄደች ታወቀ፣ ያልሆነውንም እየጨመረች ታወራ ነበር። ጎበዝ ነበረች፣ እወዳታለሁ። ግን የትኛው እውነት የትኛው ማስታወቂያ እንደሆነ ሰው እስካሁን ይከራከርባታል። ስለዚህ ብሩን ተቀበዪ፣ ማይክ ይገዛል። ስሙ ግን ፊልሙ መጨረሻ ላይ ከምስጋናው ጋር ይግባ እንጂ አሥር ቀን ሙሉ ደረትሽ ላይ አይዋል። ኤዲቱ ላይ ቃል እንደማይኖራቸው በአንድ ገጽ ጽፋችሁ ተፈራረሙ። እምቢ ካሉ ይቅርብሽ፣ ማይክ ከጓደኛ ይዋሳል።

አይሱዙ ላይ የወጣሽ ቀንም ቅረጪው። ትወጫለሽ፣ አይቀርም። ጉልበትሽ ያልቃል ወይ መንገዱ አያሳልፍም። መንገዱ እንዴት እንደሆነ ካርታ አይነግርሽም። መነሃሪያ ሄደሽ ትናንት ከዚያ የመጣ ሹፌር ጠይቂ። በየከተማው ማታ ማታ የነገውን ጠይቂ። 11 ሰዓት ላይ ከመንገድ ውረጂ። «ዛሬ አይሆንም» ካሉሽ አትከራከሪ፣ ሳይክልሽን ጫኚና ከሹፌሩ ጎን ተቀምጠሽ ካሜራሽን ክፈቺ። ቆራርጠሽ የሄድሽ አስመስለሽ ብትገጥሚው አንድ ሰው ያውቅብሻል። ማንም ባያውቅ ያ ሹፌር ያውቃል።

ወረቀትም ያዢ። ከሚመለከተው ቢሮ የትብብር ደብዳቤ አውጪ፣ ማህተሙ ደመቅ ያለ ይሁን፣ አምስት ኮፒ። ድልድይ፣ ካምፕ፣ ኬላ አትቅረጪ። ሰው ስትቀርጪ ደግሞ መጀመሪያ ሰላምታ፣ ቀጥሎ ወሬ፣ ካሜራ ሦስተኛ። «በየትኛው ቴሌቪዥን ነው የሚወጣው?» ይሉሻል። እውነቱን ንገሪያቸው። እሺ ሲሉሽ እሺታቸውን ካሜራው ላይ ያዢው። ቋንቋም አለ። ከአዲስ አበባ ከወጣሽ በኋላ ኦሮምኛ፣ ሲዳምኛ፣ ሀላብኛ፣ ወላይትኛ፣ ጋሞኛ ነው የምትሰሚው። ሰው አማርኛ ስለቻለ ብቻ በአማርኛ አታስወሪው። በአፉ መፍቻ ያውራ፣ ኋላ አስተርጉመሽ ከሥር ጻፊለት። ሰው በራሱ ቋንቋ ሲቀልድ ፊቱ ሌላ ነው።

ጥቅምትን መምረጥሽ ጥሩ ነው፣ አየሩ ታጥቦ አቧራው ገና አልተነሳም። ወደ አርባ ምንጭ ስትጠጊ ግን በዚያ ወቅት ዝናብ አለ፣ ለካሜራሽ ላስቲክ ያዢ። ወቅቱ የወባም ስለሆነ ስምጥ ሸለቆ ስትገቢ አጎበር ያስፈልግሻል። ስንቅ ላይ አልመክርሽም፣ በሶ በጥብጠሽ መጠጣት ካልቻልሽ አራት ኪሎ ማደግሽን እጠራጠራለሁ።

ሰርግ ቀራጭ መሆንሽን እንደ ድክመት አድርገሽ ነው የጻፍሽው። ተሳስተሻል። ሰርግ ላይ የሙሽራዋ እናት ስትሸኝ አንዴ ነው የምታለቅሰው፣ «ድገሚልኝ» አይባልም። ያንን መያዝ የለመደች እጅ ያለሽ ነሽ። ስሎው ሞሽኑንና ከዳር እስከ ዳር የሚነጠፈውን ሙዚቃ ግን እባክሽ እዚያው ሰርግ ቤት ተይልኝ። ስትጨርሺ ሃያ አምስት ደቂቃ ይበቃል። ሃያ አምስቱን ከቤትሽ ብዙም ሳትርቂ የጀርመኖቹ ጎተ ኢንስቲትዩት ወይም የፈረንሳዮቹ አሊያንስ ወስደሽ ማሳየት ይቻል እንደሆነ ጠይቂ። መጀመሪያ ግን ያንን የመቂውን ዓይነት ጎሚስታ ካገኘሽ፣ ለሱ በስልክሽ አሳዪው።

ቀረ የእናትሽ ጥያቄ። መልስ የለኝም ብለሻል። እኔም እስካሁን የለኝም። ታዲያ መልስ ከሌለሽ ለምን ጥያቄውን ይዘሽው አትሄጂም? ለጎሚስታው፣ ለዓሣ አስጋሪው፣ ድንጋይ ላነሳው ልጅ፣ ለአይሱዙው ሹፌር ሁሉ የምትጠይቂው ጥያቄ እሱ ይሁን። «እናቴ በአውቶብስ አይደረስም ወይ ትለኛለች፣ ምን ልበላት?» በይ። ሰው ለእናት መልስ ሲልክ በቁም ነገር ነው የሚያስበው። አንዳንዱ «እውነቷን ነው፣ ተመለሺ» ይልሻል። እሱንም አስገቢው።

ከመነሳትሽ ሳምንት በፊት ግን እናትሽን ቅረጪ። ለማሳመን አይደለም፣ አትከራከሪያት። ጠዋት ቡና ስታፈላ፣ ብርሃኑ ከመስኮት በኩል ሲገባ፣ ማይኩን ነጠላዋ ሥር አድርጊና ዝም ብለሽ ተቀመጪ። ጥያቄውን ራሷ ታነሳዋለች። ስትመለሺ የሰዎቹን መልስ በሙሉ በላፕቶፕ አሳያት። ያን ቀን ካሜራውን ከስክሪኑ ጎን ትከይውና ወደሷ አዙሪው። ከአቦሉ ጀምሮ ክፍት ይሁን፣ ካሴት አያልቅብሽም።